ካሴቱ «አረፍ ይበሉ» አላት

እዚህ በሰው አገር፣ ከካሩዥ ሰፈር በሚመጣው ትራም ውስጥ ከኋላዬ ሁለት ሴቶች በአማርኛ ያወራሉ። ታናሺቱ የዲፕሎማት ቤት ሠራተኛ ናት፤ ከአሠሪዎቿ ጋር ሆላንድ ደርሳ መመለሷ ነው።

«ላይደን ከተማን ማን አዞረሽ ታዲያ?»

«ካሴት።»

«ወግጂ!»

«እውነቴን ነው፣ እትዬ ዘነቡ። እነሱ ዘመድ ሊጠይቁ ሲሄዱ ካሴትና ማዳመጫ ተከራዩልኝ። በፈረንሳይኛ ‹ወደ ቀኝ ይታጠፉ፣ ድልድዩን ይሻገሩ› ይለኛል።»

«አንቱ ተባልሽ በይኛ! ከእንግዲህ ልነሣልሽ?»

«ይሳቁብኝ። እኔማ ‹እሺ ጌታዬ› እያልኩ ስመልስለት ሰው ዞሮ ያየኛል።»

«ኧረ ጉድ! ምን አሳየሽ?»

«ትልቁን ቤተ ክርስቲያን፣ የነፋስ ወፍጮውን። ኋላ ውሃው ዳር ስደርስ ‹ደክሞዎት ይሆናል፣ እዚህ አግዳሚ ላይ አረፍ ይበሉ› አለኝ።»

«አረፍሽ?»

«መጀመሪያ ዞር ብዬ አየሁ፤ ለሌላ ሰው የተናገረ መስሎኝ። እዚያ ቤት ከገባሁ ጀምሮ እንዲህ ያለኝ የለማ።»

«ጽጌዬ…»

«ካሴቱ እስኪያልቅ ተቀመጥኩ። ዛሬ ለማዳም ‹እሁድ እሁድ ልረፍ› ልላት ነው።»

«ብታባርርሽስ? የመኖሪያ ፈቃድሽ እኮ በእሷ ሥራ ነው።»

«አውቃለሁ። ስነግራት ግን ቆሜ አይደለም፤ ወንበር ስቤ ነው።»

«በይ እንግዲህ፣ እሁድ ከቅዳሴ በፊት በር ላይ እጠብቅሻለሁ።»

«ከመጣሁ።»

«ትመጫለሽ!»

መውረጃዬ እንዳለፈኝ ያወቅሁት የጽጌን ስም ጠርቼ አቡነ ዘበሰማያት ከደገምኩ በኋላ ነው።