ለሬሳ ብቻ የሚከፈት መንገድ

«አስቀምጥ አልኩህ!» ብለው አንዱ ሽማግሌ ክንዴን ሲይዙኝ፣ ከካቡ ጫፍ የመጀመሪያውን ድንጋይ አንስቼ ነበር። ጎረቤታችን አያ ደባሽ ከደጃችን ወደ ሰቆጣ መንገድ የሚያወጣንን ማለፊያ በድንጋይ ካብ ዘግተውታል። እናቴን ጉልበቷን ያማታል፤ በገደሉ በኩል ዞራ መውጣት ስለማትችል ቤተ ክርስቲያን ከሳመች ቆይታለች። ሽማግሌዎቹ ለመኑ፣ ተቆጡ። አያ ደባሽ ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው፣ «መሬቱ የኔ ነው። ግን ክርስቲያን ነኝ፤ ለሬሳ መንገድ አልከለክልም። ያን ቀን ካቡን በገዛ እጄ አፈርሰዋለሁ» አሉ። ሽማግሌዎቹ «ተባረክ!» ብለው ሊነሡ!

«እና እናቴ ለማለፍ መጀመሪያ መሞት አለባት?» አልኳቸው። መናኸሪያ ስለምሠራ፣ «መናኸሪያ የተማርከውን ስድነት እዚያው መናኸሪያ!» ብለው አፌን አስያዙኝ። ደሜ ፈልቶ ቤት ገባሁና፣ አያ ደባሽ ያሉትን ነግሬ፣ ዛሬውኑ ካቡን እንደምንደው ለእናቴ ፎከርኩላት። እሷ ጉልበቷን እያሸች ቀና ብላ አየችኝ።

«ተው የኔ ልጅ፣ በሰው ድንጋይ እጅህን አታቁስል። ትንሽ ታገሥ፤ እኔው አስከፍትልሃለሁ።»