ሻይ የማይፈስባት መርከብ

በዚህች የወደብ ከተማ፣ ከምኒልክ አደባባይ ካርቲየ ሰባት ወደሚባለው ሰፈር በሚሄደው ሚኒባስ ውስጥ፣ ከፊቴ የተቀመጡ አንድ የወደብ ሠራተኛ ከጎናቸው ካለው ወጣት መንገደኛ ጋር ያወራሉ።

«ወደቡ ላይ የቆመችው ነጭ መርከብ የአንድ ሰው ናት። በልኩ ነው ያሠራት።»

«እንደ ሱፍ ልብስ?»

«እንደ ሱፍ። በሯ እንኳ በእሱ ቁመት ነው። ወለሏ በጫማ አይረገጥም፤ እኔም ስወለውል በባዶ እግሬ ነበርኩ።»

«ማዕበል ሲመጣስ ጋሼ?»

«አትናወጥም። ጠረጴዛ ላይ ያለ ሻይ አይፈስም።»

«ስንት ሰው ትጭናለች?»

«እንግዳ አሥራ ሁለት ብቻ።»

«እኛ ነገ በጀልባ ወደ የመን ስንሻገር መቶ እንሆናለን አለን ደላላው።»

«ዋና ትችላለህ?»

«ባሕር ያየሁት ትናንት ነው።»

ሰውየው ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ።

«ሻዩ ግን እውነት አይፈስም፣ ጋሼ?»

«ጠብታ አይፈስም፣ ልጄ።»

መውረጃዬ ሲደርስ «ወራጅ አለ» ሳልል አለፍኩት።