የአበረ ዕጣ

የተከበራችሁ ዳኞች፣ ገመድ ያዦች፣ አባቶቼና እናቶቼ፤ ከሥራው ለተሻረ ሽማግሌ ይህን ያህል ጠላና ፍሪዳ ስላሰናዳችሁ እግዜር ይስጥልኝ። ወይፈኑን የሰጠው ወልደ ሚካኤል ነው አሉ። እንዲህ እንደምትወዱኝ ባውቅ ኖሮ ቀደም ብዬ በተሻርሁ ነበር!

ከዲማ ወዲያ፣ ገደል አፋፍ ላይ ያለችው አገራችን ለማያውቃት አንድ ተራራ ናት። እኛ ግን ገብስ የሚበቅልበትን ደጋ፣ ጤፍ የሚዘራበትን ወገብ፣ ማሽላ የሚያበላውን ቆላ ለይተን እናውቃለን። አቅኚዋ እናታችን ወለተ ሥላሴ ለልጆቿ ስታወርስ፣ «አንዱ ደጋውን፣ አንዱ ቆላውን አይውሰድ፤ ለሁሉም ከሁሉም ይድረሰው» አለች። ውርጭ ላዩን ቢመታ ታቹ እንዲያበላ ነው። ይኸው እስከ ዛሬ መሬቱን ለማካፈል የመለኪያ ገመድ ይዘን ስንወጣ ስንወርድ ኖርን።

ስንቱን ክርክር አየን? ማንጠግቦሽ ጭንጫው ቢደርሳት፣ «ለወንድሜ ስጡልኝ፣ እሱ ጥርሱ ጠንካራ ነው» ያለችው ትዝ ይላችኋል? ስቀን ስቀን ዕጣዋን ግን አልቀየርንላትም። እንዴት ይቀየራል? ለዕጣው ምልክት አንዱ ጠጠር፣ አንዱ ፍልጥ፣ አንዱ ቅጠል ይሰጣል። የማን እንደሆነ የማያውቅ መንገደኛ ተጠርቶ በየድርሻው ላይ ያኖረዋል። ከዚያ በኋላ ማን ማንን ይቀየማል?

የራቀ ሰውም ዕጣ አለው። ለታመመ፣ ለታሰረ፣ ለተሰደደ ቤተሰቡ ምልክቱን ያመጣለታል። አምና አበረ ጣልያንን ሊወጋ ዱር ሲገባ፣ ሚስቱ የብርጓል፣ የሞፈሩን ስባሪ ለምልክት አመጣችለት። ከወገቡ ጥቁር መሬት ደረሰው።

በዚህ ምክንያት ጣልያኖች ደብረ ማርቆስ አስጠሩኝ። ሹማቸው በአስተርጓሚ፣ «የሽፍታውን መሬት ለሚታዘዘን ሰው ስጥ» አለኝ።

«ጌታዬ፣ የደረሰ ዕጣ አይመለስም» አልሁት።

«እንግዲያው አንተ ከቤትህ ዋል» አለኝ።

መሻሬ አይደለም የቆጨኝ። ጉልበቴም ገደል መውረዱን እንቢ ካለኝ ቆይቷል። የቆጨኝ፣ ነገ መሬቱ በሹሙ ትእዛዝ እንደገና ሲካፈል አለመኖሬ ነው። የብርጓል የባሏን ምልክት ይዛ ስትመጣ ማን ይቀበላታል?

ወልደ ሚካኤል ወንድሜ፣ ከነገ ጀምሮ ገመዱን የምትይዘው አንተ ነህ። አልረግምህም። ልጆች አሉህ፤ ጣልያንም ከደጃፍህ ነው። መፍራትህን አውቃለሁ፤ እኔም ፈርቼ ነበር። አንገትህን አትድፋ፣ ቀና በል።

እኔ ነገ ልጄ ዘንድ ወደ አማኑኤል እሄዳለሁ። ያስቀየምኋችሁ ይቅር በሉኝ። ዝናሙን በወቅቱ ያውርድላችሁ። በሬያችሁን ከበሽታ፣ ቤታችሁን ከእሳት ይጠብቅላችሁ። ልጆቻችሁን ለወግ ለማዕረግ ያብቃላችሁ። አበረንም በደህና ይመልስልን። በተመለሰ ቀን፣ «እርሻዬ የቱ ነው?» ብሎ ሲጠይቃችሁ፣ ዓይን ዓይኑን እያያችሁ የምታሳዩት ያድርጋችሁ። አሜን።