ከግድግዳው ወዲያ የተሰማው

የምስክር ስም፦ ወ/ሮ መነን ወንድይራድ
ዕድሜ፦ 43
ሥራ፦ የኤርፖርት ጽዳት
አድራሻ፦ ፍራንክፈርት፣ ጊንሃይም፣ ሦስተኛ ፎቅ
ቃሉ የተሰጠበት ቀን፦ ማርች 19 ቀን 2013
አስተርጓሚ፦ አፀደ ክንፈ

ያቆብ ጠዓመ የተባለውን ፊልም ሠሪ የማውቀው ለጸሎት በምንሰበሰብበት አዳራሽ ነው። በሕንፃችን ስለሚኖሩ ሠራተኞች ፊልም እየሠራ ስለሆነ በእኔ ፈቃድ ከጃንዋሪ ጀምሮ ቤቴ እየመጣ ይቀርፃል። ዩኒፎርሜን ስተኩስ፣ ድንች ስልጥ፣ ከሥራ ገብቼ እግሬን ውኃ ውስጥ ስዘፈዝፍ ቀርፆኛል። ከዚህ ምን ፊልም ይወጣል ብዬ ስጠይቀው «እትዬ፣ ኑሮ ማለት ይሄው ነው፤ ቆሞ የሚያየው ጠፍቶ ነው እንጂ» ብሎኛል።

ቅዳሜ ማርች 16 ፍራይ፣ ማለትም የሥራ ዕረፍት፣ ስለነበርኩ ቤት ዋልኩ። ከረፋዱ በጀርመን አቆጣጠር አሥር ሰዓት ከሃያ ገደማ ያቆብ የቤቱን ፀጥታ ለብቻው መቅዳት እፈልጋለሁ ብሎ ፍሪጁን አስጠፋኝ። ማዳመጫውን አድርጎ ጥቂት እንደቆየ ማን ነው የሚያንኳኳው ብሎ ጠየቀኝ። እኔ የሰማሁት ነገር አልነበረም። ማዳመጫውን ሲሰጠኝ ግን ከግድግዳው ወዲያ ቀስ ብሎ ሁለቴ የሚመታ፣ አረፍ ብሎም የሚቀጥል ድምፅ ሰማሁ።

በዚያ በኩል የሚኖሩት ሄር (አቶ) ፍሬንዝል የተባሉ ከሰማንያ ዓመት በላይ የሆናቸው ጡረተኛ ናቸው። በስድስት ዓመት ጉርብትና ሰላምታዬን መልሰው አያውቁም፤ ጫማዋን ደረጃ ላይ ታስቀምጣለች ብለውም ለቤት አስተዳደሩ ከስሰውኛል። በዚህ የተነሳ በራቸው ድረስ ለመሄድ አመንትቻለሁ፤ ይህን አልደብቅም።

ሄደን ብንጣራ መልስ የለም። ያቆብ ለአደጋ ጊዜ ቁጥር ደወለ። እየመጣን ነው ቢሉትም ጭስ ከበሩ ሥር መውጣት ስለጀመረ በሩን በእርግጫ ሰበርነው። ምድጃ ላይ የተጣደው ድስት አሮ ነበር፤ አጥፍቼ መስኮቱን ከፈትኩ። ሄር ፍሬንዝል ወለሉ ላይ ወድቀው በከዘራቸው ግድግዳውን ይመታሉ። እጄን ይዘው አምቡላንስ እስኪመጣ አልለቀቁኝም። በዚህ መሐል ከታች ፎቅ «ሌባ በር እየሰበረ ነው» ተብሎ በተደወለው መሠረት ፖሊስ ደርሶ ያቆብን ወሰደው፤ እሱ ቢለቀቅም ካሜራው እንደተያዘ ነው።

ትናንት ሆስፒታል ሄጄ ሄር ፍሬንዝልን ጠየቅኋቸው። የዳሌ አጥንታቸው ተሰብሯል። ስለ በሩ ያነሡት ነገር የለም። «ማን ነው የሰማኝ?» አሉኝ። ስለ ያቆብና ስለሚሠራው ፊልም ነገርኳቸው፤ እንደኛ ስላለ ሰው ነው አልኳቸው። እሳቸውም ዚንድሊንገን በሚባለው ሰፈር በኬሚካል ሥራ አርባ ዓመት ማሳለፋቸውን አጫወቱኝ። ልወጣ ስል «ሲሻለኝ ይምጣ። እኔም የምናገረው አለኝ» አሉ። ካሜራው ቶሎ እንዲመለስለት የምጠይቀው ለዚህ ነው።

ይህ ቃሌ በአማርኛ ተነቦልኝ ያየሁትንና የሠራሁትን በትክክል የያዘ መሆኑን አረጋግጫለሁ። መጀመሪያ «ያቆብ በሩን ሰበረው» ተብሎ የተጻፈው «ሰበርነው» ተብሎ እንዲታረም ጠይቄ ታርሟል፤ ሁለተኛው እርግጫ የእኔ ነውና።

የምስክር ፊርማ፦ መነን ወንድይራድ
የአስተርጓሚ ፊርማ፦ አፀደ ክንፈ
ቃሉን የተቀበለው መኮንን ፊርማ፦ ______