አቡጀዲው ላይ የተፈረደበት ባለ ባርኔጣ

በእኛ ጊዜ ሲኒማ ዲዳ ነበር፣ ልጆቼ! የዛሬው ስልካችሁ ኪስ ውስጥ ሆኖ ይለፈልፋል፤ ያኔ ሰውዬው ግድግዳ ላይ በወጠርነው አቡጀዲ ላይ አፉን ከፈት ከደን ያደርጋል እንጂ ድምፅ የለ። ታዲያ እሁድ ከሰዓት እዚሁ አቃቂ፣ ባቡር ጣቢያው መጋዘን ውስጥ፣ መስኮቱን በጆንያ እንጋርድና እኔ አጠገቡ ቆሜ የሚሉትን እላለሁ። በየመሃሉ የሚወጣውን ጽሑፍ ማንበብ? የት አውቄ! አፋቸውን እያየሁ ነዋ፤ ፈረሱን ሳይቀር አናግረዋለሁ! ደግሞ ፊልም ሁሉ አንድ ነው፤ ክፉው ዋጋውን ሳያገኝ አያልቅም።

እና አንድ እሁድ ጎረቤቴ የሺ መጣች። ባሏ በሞተ በአርባው ማግስት የባሏ ወንድም በዛብህ ቤቷን ቆልፎባት፣ ከሁለት ልጆቿ ጋር እኔ ማድቤት ነው የምታድር። በዛብህ ደግሞ ፊት ወንበር ላይ ተንሰራፍቷል! ታዲያ አቡጀዲው ላይ ጥቁር የለበሰች ሴት ታለቅሳለች፤ ባርኔጣ ያደረገ ሰውዬ ወረቀት ይዞ መጣ። ምላሴን በላኝ።

«‹የወንድሜን ቤት ለቀሽ ውጪ!› አላት» አልኩ።

«ወይኔ!» አለ ሕዝቡ።

«‹ልጆቼን የት ልውሰድ፣ ወንድምጋሼ?› አለችው» አልኩ በቀጭን ድምፅ። «‹ማድቤት እደሪ!› አላት።»

በዛብህ ወንበሩ ላይ ተቁነጠነጠ። ይሄኔ ባለ ባርኔጣው ሊሄድ ሲነሳ የሺ ብድግ አለች፤ «በሕግ አምላክ! ቁም!»

እናንተ አታውቁትም፤ በእኛ ጊዜ በሕግ አምላክ ከተባለ የአቃቂ ወንዝም ይቆማል! ታዲያ ማሽን አጫዋቹ ደንግጦ ማሽኑን ቀጥ አደረገው። ፊልም ደግሞ ከቆመ መብራቱ ያነደዋል፤ የሰውዬው ሆድ ላይ ቀዳዳ፣ ከዚያ ጭስ፣ ከዚያ ሰውዬው የለም! «ተፈረደበት!» ብሎ ሕዝቡ ጣራውን ሊያነሳው። ዞር ስል በዛብህ በሩ ላይ ተገትሯል፤ አንድ እግሩ ውጭ፣ አንድ እግሩ ውስጥ። ሊሾልክ ሲል ቃሉ ይዞታል!

«በሕግ አምላክ ተብለሃል፣ ና ተቀመጥ» አሉት የሰፈሩ ሽማግሌዎች። እዚያው ጆንያ ላይ ቁጭ ብለው ዳኙት፤ ሳይመሽ ቁልፉ የሺ እጅ ገባ።

ታዲያ ማሽን አጫዋቹ፣ እሱ ፊደል የቆጠረ ነው፣ የተቃጠለውን ፊልም እየሰበሰበ አጉረመረመብኝ፤ «አንተ ዳምጤ፣ ባለ ባርኔጣው እኮ ጠበቃዋ ነው! ‹ቤትሽን አስመልስልሻለሁ› ሊላት ነው የመጣው!»

«እንዴ አባባ ዳምጤ!» አለች ከሚያዳምጡት አንዷ፤ «ንጹሕ ሰው አቃጠሉ ማለት ነው?»

«አዎ፣ እስካሁን ይከነክነኛል። ግን ልጄ፣ ጠበቃ አይደል? የሺ ቤቷ ገባች። ሥራውን ሠርቷል!»