የመጨረሻዋ ባንዲራ

ይህንን ለባለቤቴም ነግሬው አላውቅም። ሰበታ አስተምር በነበረበት በማስተር ፕላኑ ተቃውሞ ሰሞን፣ ከሥራ ስመለስ ዓለም ገና ላይ መንገዱ በድንጋይ ተዘጋ። የሚኒባሱ ሹፌር "ውረዱና ተጠለሉ!" አለን። ቅርብ ያገኘሁት በር የጌም ቤት ነበር። እኔ ደግሞ ተማሪዎቼን ከጌም ቤት እየጎተትኩ የማወጣ አስተማሪ ነኝ! ፈርቼ ጥግ ያዝኩ። ፊት ለፊቴ አንድ አሮጌ ጌም ተከፍቷል፤ አንዲት ሰማያዊ መኪና በጠባብ መንገዶች እየተሽሎከሎከች ባንዲራ ትለቅማለች፣ ቀያይ መኪኖች ያሳድዷታል። አሳዘነችኝና ጆይስቲኩን አነሳሁ። ከዚያ ወዲያ የውጭውን ጩኸት አልሰማሁም።

አንዲት ባንዲራ ስትቀረኝ ቀያዮቹ ከበቡኝ። "የመኪናዋን ጭስ ልቀቂባቸው እንጂ!" አለ አንድ ድምፅ ከኋላዬ። ዞር ስል ርዕሰ መምህራችን ኦቦ ገመቹ! ጌም ቤት የተገኘን ተማሪ ወላጅ የሚያስጠሩት እሳቸው ናቸው።

"እርስዎ... ጭስ እንዳላት በምን አወቁ?" አልኳቸው።

"አሁን የጥያቄ ሰዓት ነው? ቢታ! ቢታ! ወደ ግራ በያት!"

ባንዲራዋን ለቀምናት። የውጭው ጩኸት ጋብ ሲል ኦቦ ገመቹ ኮታቸውን አስተካክለው "አላየሁሽም፣ አላየሽኝም" ብለውኝ ወጡ።

በማግስቱ ጠዋት ሰልፍ ላይ "ጌም ቤት የተገኘ ወላጁን ይዞ ይመጣል!" ብለው አስጠነቀቁ። ባንዲራው ሲሰቀል ግን ዓይናችን ተጋጨ። ፊቴን በሻርፔ ሸፍኜ ትከሻዬ እስኪንቀጠቀጥ ሳቅኩ። ተማሪዎቼ ለአገሬ ያለቀስኩ መስሏቸው መዝሙሩን ከወትሮው ጮክ ብለው ዘመሩልኝ።