ያላለቀው የአባባ ኩታ

ሽሮ ሜዳ ልብስ ያሠራ ሰው ያውቀዋል፤ ሸማኔ ቀጠሮው «ነገ» ነው፤ ነገ ስትሄዱም «ነገ» ነው። እኔም አባባ ለቁስቋም ማርያም ንግሥ የሚለብሰውን ኩታ ጋሽ ጩፋ የሚባሉ ሸማኔ ጋ አዝዤ፣ አንድ ቀን ከሰዓት ብሄድ ጥለቱ ብቻ ቀርቷቸዋል። ሻይ አስመጡልኝና እሳቸው ጥለቱን ሲሸምኑ አጠገባቸው ቁጭ አልኩ። ሻዬን እንዳጋመስኩ እህቴ ደወለች። «አባባ አረፈ» አለችኝ። በቃ፣ ብርጭቆውን እንደያዝኩ ደርቄ ቀረሁ።

ጋሽ ጩፋ አልሰሙም። ጥለቱን አየት አድርገው «ውይ፣ አረንጓዴውን ዘለልኩት!» አሉና የሸመኑትን መልሰው መተርተር ጀመሩ። እሳቸው ክሩን ሲመዙ ሻዬ ብርጭቆው ውስጥ ሽቅብ ሞላ፤ እጄን ፈጀኝ። ስልኬን ባየው የእህቴ ጥሪ የለም። ቤት ስደውል አባባ ራሱ አነሳው።

«እህ፣ ኩታው ደረሰ?» አለኝ።

ጋሽ ጩፋ መወርወሪያቸውን ሊያነሱ ሲሉ እጃቸውን ያዝኩ። «ጋሼ፣ በማርያም፣ እንዳይነኩት!»

«ጥለቷ ብቻ እኮ ናት የቀረችው!»

«ትቅር።»

ግራ እንደገባቸው ድሩን ጠቅልለው ጥግ አስቀመጡት።

ንግሡ አለፈ። አባባ ዛሬም ባገኘኝ ቁጥር ስለ ኩታው ይጠይቀኛል። እኔም «ሸማኔው ነገ ነው የሚሉት» እለዋለሁ፤ ማንም አይጠራጠረኝም።

«ምን ዓይነት ሰውዬ ናቸው?» ይላል እየተቆጣ። «እስክሞት ነው እንዴ የሚጠብቁት?»